ከሰሌዳው ወደ መድረኩ፦ የቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ሕይወት



በዚህ እትም የምናቀርብላችሁ የአንድ መምህር ታሪክ ነው። ስማቸውን ስንጠራ ብዙዎቻችሁ ባለቅኔውና የቴያትር ደራሲው ትላላችሁ። ልክ ነው። ነገር ግን ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ደራሲ ብቻ አልነበሩም፤ ጠመኔ ይዘው ከልጆች ፊት የቆሙ፣ የትምህርት ቤት ጣጣ የሚያውቁ ሰው ነበሩ። ሁለቱን ሥራ እንዴት አድርገው አንድ ላይ ያዙት? ለእኛ ለዕጩ መምህራን ይህ ጥያቄ የዋዛ አይደለም።

የዋዛ አይደለም ያልንበት ምክንያት አለን። ከመካከላችን በሙዚቃና በቴያትር ክበብ የሚሳተፍ ዕጩ መምህር ሲገኝ፣ አንዳንዱ ጓደኛው ትምህርትህን ብትይዝ ይሻልሃል ይለዋል። ሌላው ደግሞ ነገ በየዳ ወይም ጃን አሞራ ተመድበህ ከመድረክ ላይ ስትጨፍር ያየህ ገበሬ ልጁን አይልክልህም፣ መምህር ክብሩን መጠበቅ አለበት ይለዋል። ዕጩውም ያመነታል። አዝማሪን ሲያዜም እያደመጡ ሲጨርስ መናቅ በአገራችን ከጥንት የኖረ ልማድ ስለሆነ፣ ይህ ፍርሃት ከመሬት የበቀለ አይደለም። እስቲ እንግዲህ ይህንኑ ፍርሃት በባሰ ዘመን የተጋፈጡትን ሰው ታሪክ እንመልከት።

ዮፍታሔ ንጉሤ የተወለዱት በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ በጎጃም፣ ደብረ ኤልያስ ነው። ደብረ ኤልያስ ከነዋሸራ፣ ከነጎንጅ ጋር ስሙ የሚጠራ የቅኔ አገር ነው። ልጁም ያደገው በዚያው በቤተ ክህነት ትምህርት ነው። የቅኔ ቤት ኑሮ ምን እንደሚመስል ከእናንተ መካከል በቄስ ትምህርት ያለፋችሁ ታውቁታላችሁ፤ ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቶ፣ ውሻ እየተከላከሉ በየደጁ ለምኖ መማር ነው። ሆድ ባዶ፣ አእምሮ ግን ሥራ አይፈታም።

የቅኔ ቤቱን የማስተማሪያ ዘዴ ልብ በሉ። ተማሪው የሌላውን ሸምድዶ ብቻ አይገላገልም። ወደ ጥግ ወይም ወደ ጫካ ገለል ብሎ በየቀኑ አዲስ ቅኔ ይቆጥራል። ሁለት ቤት ካለው ከጉባኤ ቃና ይነሣና ደረጃ በደረጃ ስምንት ቤት እስካለው እስከ መወድስ ይደርሳል። የቆጠረውን ደግሞ ለብቻው አይዘውም፤ ከመምህሩና ከጓደኞቹ ፊት ቆሞ ይናገራል፣ ይታረማል፣ ይነቀፋል፣ ሲሳካለትም ይደነቃል። ይህ ማለት ተማሪው ገና በልጅነቱ ሰው ፊት መቆምን፣ ድምፅን መግራትን፣ ቃል መርጦ ሰም ከወርቅ ማጣጣምን ይለማመዳል ማለት ነው። ዮፍታሔ ኋላ ለቴያትር ያመጡት ስንቅ ከዚህ የተቋጠረ ነው። በሚታየው ታሪክ ሥር ሌላ የተሰወረ ትርጉም መቅበር ለቅኔ ተማሪ እንግዳ ነገር አይደለምና።

ዮፍታሔ ወደ አዲስ አበባ የመጡት በ1910ዎቹ ዓመታት ነው። ከተማዪቱ ያኔ ገና ወጣት ነበረች። ዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት ከተከፈተ (1900 ዓ.ም.) ብዙ ዓመት አልሆነውም፤ የተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት የተከፈተው በ1917 ዓ.ም. ነው። የአማርኛ መማሪያ መጽሐፍ በጣት የሚቆጠር፣ መምህሩም እንደዚያው ነበር። የቅኔ ሊቁ በዚህ ጊዜ ወደ ዘመናዊው ትምህርት ቤት ገብተው አማርኛና ግጥም ማስተማር ጀመሩ፤ በኋላም በቅዱስ ጊዮርጊስ ትምህርት ቤት አስተማሪም አስተዳዳሪም ሆነው ሠርተዋል። በቤተ ክህነት ማዕረጋቸው ቀኝ ጌታ ተብለው ይጠሩ ነበር።

ቴያትር በዚያን ጊዜ ምን ደረጃ ላይ ነበረ? በአማርኛ የመጀመሪያው ተብሎ የሚታወቀው የበጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ፋቡላ፣ የአውሬዎች ኮመዲያ ነው። ተክለ ሐዋርያት በሩሲያ ተምረው የተመለሱ ሰው ስለ ነበሩ የፈረንጅ ቴያትር አይተዋል። በአውሬዎች ተረት አስመስለው የጊዜውን የአስተዳደር ብልሹነት የሚነካ ድርሰት ጻፉና በ1913 ዓ.ም. ገደማ በአንድ ሆቴል ታየ። መኳንንቱ ነገሩ እነሱን እንደሚመለከት ገባቸው፤ በንግሥት ዘውዲቱም ዘመን ሥራው ታገደ። የአማርኛ ቴያትር እንግዲህ ገና እግር ሳይተክል ተሰናከለ ማለት ነው። ለጥቂት ዓመታትም ጸጥ አለ።

ታዲያ እንደገና ብቅ ያለው የት ነው? በትምህርት ቤት ውስጥ ነው! ይህን ነጥብ አጥብቃችሁ ያዙልን። ቴያትርን ያስቀጠሉት ባለ ገንዘብ ወይም ባለ አዳራሽ ሰዎች አልነበሩም። እንደነ ዮፍታሔ ንጉሤና መላኩ በጎሰው ያሉ ሰዎች ደረሱና አዘጋጁ፣ ተማሪዎች ተጫወቱ። የሙያ ተዋናይ የሚባል ሰው ገና ባልነበረበት ጊዜ የመድረኩ ሠራተኛ ተማሪው ነበር። ሴት ተዋናዮች በመድረክ መታየት የጀመሩት ከነጻነት በኋላ ስለሆነ፣ የሴቶቹንም ክፍል የሚጫወቱት ወንዶች ልጆች ነበሩ።

ዮፍታሔ ከጻፏቸው ቴያትሮች መካከል ምስክር፣ ጥቅም ያለበት ጨዋታ፣ የሆድ አምላኩ ቅጣት፣ እያዩ ማዘን፣ አፋጀሽኝ የተባሉት ይታወቃሉ። ርዕሶቹን ብቻ እንኳ ብናይ መምህሩ ከበስተኋላ ቆሞ ይታየናል። ጥቅም ያለበት ጨዋታ የሚለው ርዕስ ራሱ ለተቺዎቻቸው መልስ የሰጠ ይመስላል፤ ጨዋታ ነው፣ ግን ትምህርት አለበት። በድርሰቶቻቸው ውስጥ ንግግር ብቻ አልነበረም፤ ግጥም አለ፣ ዜማ አለ፣ ቅኔ አለ። ሐሳብን በሰው አምሳል ያቆማሉ፤ አገር ሰው ሆና ታለቅሳለች፣ ሆዳምነት ሰው ሆኖ ይቀጣል። ከቤተ ክርስቲያን ዜማና ከሕዝቡ ዘፈን ጋር ያደገ ተመልካች ዝም ብሎ የሚናገር ሰው ብቻ ቢያይ ይሰለቸዋል። ዮፍታሔ ይህን ስለሚያውቁ የሚያውቀውን ይዘው ወደማያውቀው ወሰዱት። ከሚታወቀው ወደማይታወቀው መሄድ በማስተማሪያ ዘዴ ክፍለ ጊዜ የምንማረው ነገር አይደለም እንዴ?

ሙዚቃውን በተመለከተ አንድ ታላቅ ረዳት አግኝተዋል። እሳቸውም ኬቮርክ ናልባንዲያን ናቸው። ናልባንዲያን አርመናዊ ሲሆኑ፣ እ.ኤ.አ. በ1924 አርባ ልጆች ተብለው የሚታወቁት ወላጅ አልባ የአርመን ወጣቶች ከኢየሩሳሌም ሲመጡ የሙዚቃ መሪያቸው ሆነው አብረው የመጡ ሰው ናቸው። ለዮፍታሔ ቴያትሮች ሙዚቃ ደርሰዋል። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. በንግሥ በዓል ላይ የተሰማውና እስከ 1967 ዓ.ም. ያገለገለው ብሔራዊ መዝሙር ዜማው የናልባንዲያን ነው፤ ግጥሙም ከዮፍታሔ ስም ጋር ተያይዞ ይነገራል። አንዱ ከደብረ ኤልያስ የቅኔ ጉባኤ፣ ሌላው ከስደተኛ የሙዚቃ ጓድ መጥተው በአንድ የትምህርት ቤት ግቢ ተገናኙ። ሙያ ከሙያ ሲጋባ እንዲህ ነው።

ለአፍታ ያህል ከአገራችን ወጣ ብለን ሌላ መምህር እናስተዋውቃችሁ። ስሙን በሥነ ልቡና ትምህርት ክፍለ ጊዜ ታውቁታላችሁ፤ ሌቭ ቪጎትስኪ ነው። የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1896 ስለሆነ የዮፍታሔ እኩያ ሊባል ይችላል። ቪጎትስኪም የጀመረው ከቴያትር ነው። ገና ተማሪ ሳለ ስለ ሼክስፒር ሐምሌት ሰፊ ጥናት ጻፈ። በሞስኮ ዩኒቨርሲቲ ሕግ ተምሮ እ.ኤ.አ. በ1917 ወደ ጎሜል ከተማ ተመለሰና አስተማሪ ሆነ። ያስተማረበት አንዱ ቦታ የት መሰላችሁ? የመምህራን ማሠልጠኛ ትምህርት ቤት ነው! እዚያው ትንሽ የሥነ ልቡና ቤተ ሙከራ አቋቋመ። ቀን ዕጩ መምህራንን ያስተምራል፤ ማታ ቴያትር ቤት ገብቶ ያየውን ለአካባቢው ጋዜጣ እየተቸ ይጽፋል። በሥነ ልቡና ሊቅነት ዓለም ያወቀው ከዚህ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1924 ወደ ሞስኮ ሲሄድ ነው።

ሞስኮ ከገባ በኋላም ቴያትርን አልተወም። የመመረቂያ ጥናቱ ስለ ሥነ ጥበብ ሥነ ልቡና ነበረ። እ.ኤ.አ. በ1932 ደግሞ ስለ ተዋናይ ሥነ ልቡና ጽፏል። እዚያ ላይ ፈረንሳዊው ዲደሮ ከረጅም ጊዜ በፊት ያነሣውን እንቆቅልሽ ያነሣል፤ በመድረክ የሚያለቅስ ተዋናይ በእውነት አዝኖ ነው ወይስ አስመስሎ ነው? የቪጎትስኪ ሐሳብ በአጭሩ ሲገለጽ፣ የመድረክ ስሜት የአንድ ሰው የግል ስሜት ብቻ አይደለም፤ ከዘመኑ፣ ከኅብረተሰቡና ከተመልካቹ ጋር የተሠራ ነገር ነው። ስለ ልጆች ጨዋታ ያስተማረውም ከዚሁ ጋር ይገጥማል። ልጅ ሲጫወት ከዕድሜው በላይ ይሆናል፤ እናት ሆና የምትጫወት ልጅ የእናትን ሕግ ታከብራለች፣ ወታደር ሆኖ የቆመ ልጅ በተራው ጊዜ የማይታገሠውን ያህል ቆሞ ይታገሣል። ጨዋታ ራስን የመግዛት ትምህርት ቤት ነው ማለት ነው። ቪጎትስኪ በሳንባ ነቀርሳ እ.ኤ.አ. ሰኔ 1934 ሲሞት ገና 37 ዓመቱ ነበር።

ዮፍታሔና ቪጎትስኪ አልተገናኙም፤ ቋንቋቸውም፣ እምነታቸውም፣ አገራቸውም ለየቅል ነው። ነገር ግን በአንድ ዘመን፣ አንዱ በአዲስ አበባ አንዱ በጎሜል፣ ሁለቱም መድረክንና ሰሌዳን አልለያዩም። ቪጎትስኪ በጥናት የደረሰበትን ዮፍታሔ ደግሞ በሥራ አሳይተዋል፤ ሌላ ሰው ሆኖ የተጫወተ ተማሪ ያንን ሰው ከተነገረው ይልቅ በደንብ ያውቀዋል። ሁለቱንም ሥራ መሸከም የተቻለውም አንዱን ከሌላው ጊዜ እየሰረቁ በመስጠት አልነበረም። ዮፍታሔ ቴያትሩን ራሱን ትምህርት አደረጉት። ድርሰቱ የአማርኛ ትምህርት ነው፣ ልምምዱ የንግግርና የሥነ ሥርዓት ትምህርት ነው፣ ትርኢቱ ደግሞ ለወላጁ ጭምር የሚሰጥ ትምህርት ነው።

እንዲህ ሲሉ ኖረው ክፉው ጊዜ መጣ። በ1928 ዓ.ም. መግቢያ ላይ ፋሺስት ኢጣልያ አገራችንን ወረረ፤ ሚያዝያ 27 ቀን አዲስ አበባ ገባ። ትምህርት ቤቶቹ እንደነበሩ አልቀጠሉም። መምህሩም ተማሪውም ተበተነ። ከየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በኋላ ደግሞ ፋሺስቱ የተማረውን ወጣት እየፈለገ ፈጀ። በመድረክ የአገርን ክብር ያዜሙ እጆችና አንደበቶች ስንቶቹ እንደ ተቀጩ ማሰብ ያሳምማል። ዮፍታሔም ለስደት ተዳርገው በሱዳን ኖሩ። ሰሌዳም መድረክም የሌለው መምህር ብዕሩ ብቻ ይቀረዋል። እሳቸውም በስደት ሳሉ ለአገራቸው ነጻነት መድከማቸውን አልተዉም።

ነጻነት በ1933 ዓ.ም. ሲመለስ ዮፍታሔም ወደ አገራቸው ገቡ። እዚህ ላይ ለኛ አካባቢ ሰው የምትሆን አንዲት ነገር ጣል እናድርግ። አዲስ አበባ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ነጻነቷን ስታከብር፣ ከደባርቅ በላይ ያለው የወልቀፊት በር ገና በጠላት እጅ ነበረ። ወልቀፊት የተለቀቀው በመስከረም 1934 ዓ.ም. ሲሆን፣ ጎንደር ደግሞ በመጨረሻ ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. ነጻ ወጣች። አያቶቻችን ነጻነትን የቀመሱት ከሌላው አገር ወራት ዘግይተው ነው ማለት ነው።

ከነጻነት በኋላ ዮፍታሔ በመንግሥት ሥራ ተመደቡ፤ አፋጀሽኝን የመሰሉ ድርሰቶቻቸውም የሰውን ልብ ነኩ። ግን ዕድሜ አልሰጣቸውም። በ1939 ዓ.ም. በድንገት ዐረፉ።

ውድ አንባብያን፣ ታሪካቸው በሙገሳ ብቻ ቢያልቅ ለእኛ አይጠቅመንም። ስለዚህ ሁለት ነገር እንጨምር።

አንደኛው፣ የዚያ ዘመን ቴያትር ጉድለት ነበረበት። ባለ ታሪኮቹ ብዙ ይናገራሉ፣ ጥቂት ይሠራሉ። ምክሩ ይበዛል። መምህር ሲደርስ ይህ አደጋ ሁልጊዜ ያንዣብብበታል፤ ተዋናዩን ሰው ማድረግ ትቶ የሰሌዳ ጽሑፍ ያደርገዋል። ዮፍታሔን ከዚህ ያዳናቸው ግጥማቸውና ዜማቸው ነው። እኛ የእሳቸው ቅኔ የሌለን ሰዎች ግን ጠንቀቅ ማለት አለብን። ስለ ንጽሕና ቴያትር እናሳይ ብለን አንድ ልጅ አቁመን ሩብ ሰዓት ሙሉ ስለ ሳሙና ብናስለፈልፈው ቴያትርም አልሠራን፣ ትምህርትም አልሰጠን።

ሁለተኛው ከዚህ የሚያሳዝነው ነው። ከዮፍታሔ ሥራዎች አብዛኛው በሕይወት ሳሉ አልታተመም፤ ብዙውም ጠፍቷል። ከርዕሱ በቀር ያልተረፈ ድርሰት አለ። ገጣሚው ዮሐንስ አድማሱ እየዞረ፣ የሚያውቋቸውን ሰዎች እየጠየቀ ታሪካቸውንና ሥራቸውን ባያሰባስብ ኖሮ ዛሬ የምናውቀው ከዚህም ያነሰ በሆነ ነበር። እሱም ቢሆን መጽሐፉን ታትሞ አላየውም። መምህር የሠራው በተማሪዎቹ ልብ ይኖራል እንላለን። እውነት ነው፤ ነገር ግን ተማሪም ይሞታል፣ ይረሳልም። ያልተጻፈ ሥራ ባለቤቱ ሲሄድ አብሮ ይሄዳል።

እንግዲህ ወደ ራሳችን እንመለስ። ከመካከላችን በየዳ የሚመደብ አለ። ብርዱን ታውቁታላችሁ፤ ጠዋት አመዳይ የነካውን ሣር ረግጠው፣ ጋቢ ተከናንበው፣ ሽቅብ ቁልቁል ተጉዘው የሚመጡ ልጆች ናቸው። አዳራሽ የለም፣ መጋረጃ የለም፣ የድምፅ ማጉያማ ጭራሽ አይታሰብም። ታዲያ ዮፍታሔ ሲጀምሩ ምን ነበራቸው? ልጆችና ግቢ። እናንተም እነዚህን አታጡም። ከልጆቹ ጋር ደግሞ ተረት አለ፣ ሆያ ሆዬ አለ፣ የእረኛ ጨዋታና ፉከራ አለ። ጭላዳ ከገብስ ማሳ ሲባረር የሚያሳይ የአምስት ደቂቃ ጨዋታ የሒሳብም፣ የአካባቢ ሳይንስም፣ የአማርኛም ትምህርት ሊሆን ይችላል። ስንት ጭላዳ መጣ፣ ስንት ተመለሰ፣ ለምንስ መጣ፣ ገበሬው ምን አለ፣ ጠባቂው ምን መለሰ እያላችሁ ቀጥሉበት።

ጥቂት ማስጠንቀቂያ ግን አለን። ሁልጊዜ አንዱን ቀልጣፋ ልጅ ብቻ አታስጫውቱ፤ በክፍል ውስጥ አፉን የማይከፍተው ልጅ በሌላ ሰው ስም ሲናገር ድምፁ ሊከፈትለት ይችላልና ሞክሩት። ሌባውን የሚጫወተው ልጅ ሁልጊዜ አንድ ልጅ አይሁን፤ ስሙ ሌባ ሆኖ ይቀርበታል። በሰፈር የሚታወቅ የአንድን ቤተሰብ ጉዳት ወይም ነውር ወደ መድረክ አታውጡ፤ ልጅየው ተመልካች መካከል ተቀምጧል። የሴቶቹን ክፍል ለልጃገረዶቹ ስጡ፤ የጀግናውንም እንዲሁ። ወላጆችን ጥሩ፣ ቀድማችሁም ከሽማግሌዎቹና ከቄሶቹ ጋር ተነጋገሩ። ገበሬው የሚንቀው መምህሩ ስለ ተጫወተ አይደለም፤ መምህሩ ሥራውን ጥሎ ሲጫወት ነው። ልጁ በመድረክ ቆሞ አጥርቶ ሲያነብብ ያየ አባት ግን ልጁን ከከብት ጥበቃ ላይ ለማንሣት ትንሽ ምክንያት ያገኛል።

በመጨረሻም የምታሠሩትን ሁሉ ጻፉት። አንድ ደብተር ለዚሁ መድቡ፤ ርዕሱን፣ ቀኑን፣ የልጆቹን ስም፣ የተጫወቱትን ክፍል፣ የሳቀውንና የሰለቸውን ተመልካች ሳይቀር አስፍሩ። ከዚያ ትምህርት ቤት ስትዛወሩ ደብተሩ እዚያው ይቅር፤ ከእናንተ ቀጥሎ የሚመጣው መምህር ከባዶ አይጀምርም።

የደብረ ኤልያሱ መምህር ሰሌዳና መድረክን አስታርቀው ኖሩ፤ ያላስታረቁት ድርሰትንና ማተሚያ ቤትን ነው። የመጀመሪያውን ከእሳቸው እንማር፤ ሁለተኛውን እኛ እናሟላላቸው።

በሚቀጥለው እትም እስክንገናኝ ደህና ሰንብቱ።